ጎሬ፦ ለወራት የኢትዮጵያ መንግሥት መቀመጫ የነበረችው ከተማ

ከመቱ ወደ ጋምቤላ በመኪና የሄደ ሰው ጎሬን ያውቃታል። ከመቱ 25 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቃ የምትገኝ፣ በቡናና በጫካ የተከበበች ደገኛ ከተማ ናት። በሀገራችን ዝናብ ከሚበዛባቸው ቦታዎችም አንዷ ነች፤ በዓመት ወደ 2000 ሚሊ ሜትር ይዘንብባታል። ብዙው መንገደኛ ግን ቁርሱን በልቶ ያልፋታል። እኛ ዛሬ ትንሽ ቆም ብለን እንያት።

ጎሬ የታወቀችው የራስ ተሰማ ናደው መቀመጫ በመሆኗ ነው። ተሰማ በአፄ ምኒልክ ዘመን አካባቢውን አስገብረው ኢሉባቦርን ከዚህ ሆነው አስተዳደሩ። ለአገሬው የኦሮሞ ገበሬ ይህ ማለት ገባርነት ነበር፤ እሱን ዘለን የጎሬን ታሪክ ብናወራ ጎደሎ ይሆናል። በ1890 ዓ.ም. የተሰማ ጦር ቆላውን አቋርጦ ነጭ ዓባይ ዳር ድረስ ዘለቀ። አብረውት ፈረንሳዮችና አርታሞኖቭ የሚባል ሩሲያዊ ኮሎኔል ነበሩ። ፋሾዳ ላይ ከእንግሊዞች ጋር የተፋጠጠው ፈረንሳዊው ማርሻንም በ1891 ዓ.ም. ወደ አገሩ ሲመለስ በጎሬ በኩል ነው ያለፈው። ተሰማ በኋላ የልጅ ኢያሱ እንደራሴ ሆነው በ1903 ዓ.ም. አረፉ።

ከዚያ ቡናው መጣ። ከ1894ቱ የድንበር ስምምነት በኋላ እንግሊዞች ባሮ ወንዝ ዳር፣ ጋምቤላ ላይ የንግድ ጣቢያ ከፈቱ። ስልካችሁ ላይ ካርታ ክፈቱና ተመልከቱት፦ ጎሬ 2000 ሜትር ከፍታ ላይ ናት፣ ጋምቤላ 500 ሜትር አካባቢ። ያን ሁሉ ቁልቁለት ቡናው በበቅሎና በሰው ጀርባ ይወርድ ነበር። ባሮ የሚሞላው በክረምት ብቻ ስለሆነ፣ የሱዳን የእንፋሎት መርከቦች በክረምት መጥተው ቡናውን ወደ ካርቱም ይጭናሉ፤ ሲመጡ ጨውና ጨርቅ ይዘው ነው። ግሪኮችና ሶሪያውያን ነጋዴዎች ጎሬ ገቡ፣ የእንግሊዝ ቆንስላም ተከፈተ።

ትልቁ ነገር የሆነው በ1928 ዓ.ም. ነው። ንጉሠ ነገሥቱ ሚያዝያ 24 ከአዲስ አበባ ወጡ፤ ከሦስት ቀን በኋላ ጣሊያን ከተማዋን ያዘ። መንግሥት ግን ጨርሶ አልፈረሰም፣ ወደ ጎሬ ዞረ። ቢትወደድ ወልደ ጻድቅ ጎሹ የጊዜያዊው መንግሥት መሪ ሆኑ፤ ራስ እምሩ ኃይለ ሥላሴም የንጉሠ ነገሥቱ እንደራሴ ተብለው መጡ። አውሮፓ ውስጥ «ኢትዮጵያ አበቃላት» ሲባል፣ «ገና ነው» የሚል ባለሥልጣን ጎሬ ላይ ተቀምጦ ነበር ማለት ነው።

ሁሉም ግን አልተቀበለውም። በወለጋ የነበሩ የኦሮሞ መሪዎች የጎሬውን መንግሥት አንፈልግም ብለው የእንግሊዝ ሞግዚትነት ጠየቁ። ከላይ ያነሳነው ገባርነት እዚህ ላይ ዋጋ አስከፈለ ብንል ማጋነን አይሆንብንም።

ጣሊያኖች ኅዳር 1929 ዓ.ም. ጎሬ ገቡ። ራስ እምሩ በታኅሣሥ ጎጀብ ወንዝ አካባቢ ተከበው እጃቸውን ሰጡና ጣሊያን ውስጥ ፖንዛ ደሴት ታሰሩ። የጎሬው ጳጳስ አቡነ ሚካኤል ግን እዚያው ጎሬ ተገደሉ። በ1921 ዓ.ም. ካይሮ ላይ ጵጵስና ከተቀቡት የመጀመሪያዎቹ ኢትዮጵያውያን ጳጳሳት አንዱ ናቸው። አብረዋቸው የተሾሙት አቡነ ጴጥሮስ ከወራት በፊት አዲስ አበባ ላይ ተረሽነዋል። አቡነ ጴጥሮስን ሐውልታቸው መሀል አዲስ አበባ ስለቆመ ሁላችንም እናውቃቸዋለን፤ አቡነ ሚካኤልን ስንቶቻችን እናውቃለን?

ከነፃነት በኋላ ጎሬ የክፍለ ሀገሩ ዋና ከተማ ሆና ቀጠለች። ሱዳን ነፃ ስትወጣ በ1948 ዓ.ም. የጋምቤላው የእንግሊዝ ጣቢያ ተዘጋ፣ የመርከቡም ንግድ ተዳከመ። በ1970 ዓ.ም. ገደማ ደግሞ ዋና ከተማነቱ ወደ መቱ ሄደ፤ ቢሮውም ሠራተኛውም ተከትሎ ሄደ። ዩኒቨርሲቲውም ዛሬ መቱ ነው።

ለማየት ካሰባችሁ ጎሬ ላይ የራስ ተሰማን ግቢ ጠይቁ። በመቱ በኩል የሶር ፏፏቴ አለ፤ ወደ በደሌ መንገድ ላይ ደግሞ የያዮ ደን፣ በ2002 ዓ.ም. ዩኔስኮ የመዘገበው፣ ቡና በዱር የሚበቅልበት። ክረምት ላይ መንገዱ ጭቃ ነው። ኅዳርና ታኅሣሥ ይሻላል፤ ዝናቡ ቀነስ ይላል፣ ቡናም የሚለቀመው ያኔ ነው።