ከቁራኛ እስከ አጭር ሥነ ሥርዓት

ንግድ የሚቆመው በመተማመን ነው፤ መተማመን የጎደለ ጊዜ ግን ዳኛ ይፈለጋል። ስለዚህ የአንድ አገር ሰዎች ዕዳቸውን እንዴት ሲያስከፍሉ እንደ ኖሩ መመርመር፥ የፍርዳቸውን ታሪክ መመርመር ነው።

ሽንዲ የወንበርማ ከተማ ናት፤ ከዚያ ወደ ደቡብ ወርዶ ዓባይን የተሻገረ ነጋዴ ወለጋ ይገባል። በቀድሞ ዘመን በምዕራብ ጎጃም ገበያ የሚገበያዩት በአሞሌና በማርያ ቴሬዛ ብር ነበረ። ዕቃ በዱቤ ሲሰጥም ከወረቀት ይልቅ የሚታመነው ምስክርና ዋስ ነበረ። ባለ ዕዳው በቀኑ ያልከፈለ እንደ ሆነ፥ ባለ ገንዘቡ በንጉሥ ስም ያቆመውና መንገድ ያገናኛቸውን ሰው «ዳኘን» ይለው ነበረ፤ ይህም የመንገድ ዳኛ ይባላል። ተሟጋቾቹ ማርና በቅሎ እየተወራረዱ ይከራከሩ ነበርና፥ «እሰጥ አገባ» የሚለው አነጋገር የዚያ ሙግት ቅሬታ ነው።

ዋስ ያጣ ባለ ዕዳ ግን ዕጣው ቁራኛ ነበረ። ልብሱ ከባለ ገንዘቡ ልብስ ጋር ይቋጠራል፥ ወይም በሰንሰለት አብረው ይታሰራሉ፤ ዕዳው እስኪከፈል ወይም ዋስ እስኪገኝ ሁለቱ አብረው ይሄዳሉ፥ አብረውም ያድራሉ። ነገሩ ፈጣን ነበረ፤ ነገር ግን ባለ ዕዳው ሠርቶ እንዳይከፍል፥ ባለ ገንዘቡም ነግዶ እንዳያተርፍ ሁለቱንም አሰራቸው። ዛሬ ልማዱ ጠፍቶ «የዓይን ቁራኛ» የሚለው ቃል ብቻ ቀርቷል።

ሊቃውንት ይፈርዱበት የነበረው ፍትሐ ነገሥት 51 አንቀጽ አለው፤ ሥጋዊውን ፍርድ የሚናገረው ከ23ኛው ጀምሮ ነው። በዚያም ስለ ብድር፥ ስለ መያዣና ስለ ዋስ ሥርዓት ተጽፏል፤ አራጣም ተከልክሏል። ንግዱ እየሰፋ ሲሄድ በ1925 ዓ.ም. ስለ ማኅበሮችና ስለ ኪሳራ ሕግ ወጣ። በ1934 ዓ.ም. ፍርድ ቤቶች በአዋጅ ተደራጁ፤ በ1939 ዓ.ም. ደግሞ እስከ 25 ብር የሚደርሰውን ክርክር የአጥቢያ ዳኛ እንዲያይ ታዘዘ።

በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 2472፥ ከ500 ብር የበለጠ የገንዘብ ብድር በጽሑፍ፥ ወይም በፍርድ ቤት በተሰጠ እምነት ወይም መሐላ ካልሆነ እንዳይረጋገጥ ደነገገ። እንግዲህ የምስክር ስፍራ ለብዕር ተላለፈ። በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግም ከ284 ጀምሮ አጭር ሥነ ሥርዓትን አመጣ። የሥርዓቱ ሥር ከሩቅ ነው፤ እንግሊዞች በ1855 እ.ኤ.አ. ለሐዋላ ወረቀት ዕዳ ባወጡት ሕግ ጀመሩት፥ የሕንድም የ1908 እ.ኤ.አ. ሕግ ተቀበለው።

አሠራሩ እንዲህ ነው። ዕዳው ልኩ የታወቀ ገንዘብ ሲሆን፥ ለምሳሌ በሐዋላ ወረቀት፥ በተስፋ ሰነድ፥ በቼክ ወይም በሌላ ውል የመጣ ሲሆን፥ ከሳሹ ክሱን በቃለ መሐላ አረጋግጦ ያቀርባል። ተከሳሹ እንደ ሌላው ክስ ዝም ብሎ መልስ መስጠት አይችልም፤ አስቀድሞ መከላከያውን በቃለ መሐላ ገልጦ ፈቃድ ይለምናል። ካልለመነ ይፈረድበታል። ዳኛው መከላከያው የሚያከራክር መሆኑን ሲያይ ግን ይፈቅድለታል፤ አንዳንድ ጊዜም ዋስትና እንዲሰጥ ያዝዘዋል።

የዚህ ሥርዓት ክብር በፍጥነቱ ብቻ አይደለም፤ ቁራኛም ፈጣን ነበረ። ልዩነቱ በዚያች የፈቃድ በር ነው። የከፈለውን ገንዘብ ዳግመኛ የሚጠየቅ፥ ወይም ያልፈረመው ወረቀት የቀረበበት ሰው በዚያች በር ይገባል። በሩ ከተዘጋ አጭሩ ሥርዓት ወረቀት የለበሰ ቁራኛ ይሆናል፤ በሩ ያለ ልክ ከተከፈተም ምክንያት የሚፈልግ ባለ ዕዳ ዓመት ከዓመት ያንከራትታል፥ ገንዘቡ የተያዘበት ነጋዴም ሱቁን ይዘጋል።

ቡሬና ወንበርማ በርበሬ የሚበቅልባቸው አገሮች ናቸው። በርበሬውን በዱቤ የሚሰጥ ሰው ልኩን፥ ዋጋውንና የመክፈያውን ቀን አስጽፎ ካላስፈረመ፥ ዳኛው ልኩ የታወቀ ዕዳ አያገኝምና አጭሩ መንገድ ይረዝምበታል። የሚከፍለውም ሰው ደረሰኙን ይቀበል፤ የፈቃዱን በር የሚከፍትለት እርሱ ነውና። አባቶች ልብስ ከልብስ የቋጠሩት ቃል የሚይዘው ወረቀት ስላጡ ነበረ፤ ወረቀት እያለው የማይጽፍ ሰው ግን ቋጠሮውን በገዛ እጁ ያጠብቃል።