ይፋግ ላይ ትከሻ ሥራ አይፈታም ነበር

ይፋግ ከጣና ሐይቅ በስተምሥራቅ፣ በሊቦ ከምከም ምድር የምትገኝ የጥንት የገበያ ከተማ ናት። በ19ኛው መቶ ዘመን በጎንደርና በጎጃም መካከል የሚመላለሱ ሲራራ ነጋዴዎች አሞሌ ጨውና ሌላም ሸቀጥ ጭነው ይገበያዩባት ነበር። ገበያ ባለበት አዝማሪ አይጠፋም፤ በፈረስ ጭራ የሚሠራው የማሲንቆ ክር ሲነካ ደግሞ እስክስታው ይከተላል።

በእኛ ቤት ግን ጭፈራ አዝማሪ አይጠብቅም ነበር። እናቴ ባዶ ጀሪካን ትመታለች፣ አያቴ ከመደቡ ላይ ሆና ታጨበጭባለች፣ እኛ ልጆች ፊት ለፊት ቆመን ትከሻ እንሰብቃለን። ነሐሴ 13 ቀን፣ በደብረ ታቦር በዓል፣ ወንዶቹ ሆያ ሆዬ እያሉ ዱላቸውን መሬት ላይ እየመቱ ይዘላሉ፤ በእንቁጣጣሽ ሴቶቹ አበባየሆሽ ይላሉ። ኋላ ካሴት ሲመጣ ቴፑ የአዝማሪውን ቦታ ያዘ፤ ጭብጨባው ግን አልቀረም።

ያን ጊዜ ስፖርት ብሎ የጠራው አልነበረም። እስክስታ ግን አንገትን፣ ትከሻንና ደረትን ያፍታታል፤ ቁጢጥ ብለው ሲጨፍሩት ጉልበትና ጭን ይሠራል፣ ትንፋሽም ይፈጥናል። የዓለም ጤና ድርጅት ለአዋቂ በሳምንት ቢያንስ 150 ደቂቃ፣ ከ5 እስከ 17 ዓመት ላሉ ልጆች በቀን በአማካይ 60 ደቂቃ እንቅስቃሴ ይመክራል። ዛሬ ልጆቻችን ስልክ ላይ አቀርቅረው ሲያመሹ ያሳዝነኛል። ከእራት በፊት ምንጣፉን ጠቅልሉ፤ አያትም ታጨብጭብ፣ አባትም እስክስታ ይውረድ፣ ልጆችም ይከተሉ። ይህን ጤና ወላጆቻችን ያለ ምንም ወጪ አውርሰውናል፤ እኛም ለልጆቻችን እናውርስ።