ክሮቼራ፣ ጆይንት፣ ግጥም

ዲኤክስ ይዞ ጋራዥ የገባ ሰው «ክሮቼራው አልቋል» ይባላል። ቪትዝ ይዞ የገባው ደግሞ «የውስጥ ጆይንቱ ሄዷል» ይባላል። የሁለቱ ዕቃዎች ሥራ ተመሳሳይ ነው፤ የሞተሩን ኃይል እየታጠፈ ለሚሽከረከር ዘንግ ማቀበል። ታዲያ አንዱ የጣሊያን፣ ሌላው የእንግሊዝ ስም ይዞ የቀረው ለምንድን ነው? ይህንን የሚመልሰው መዝገበ ቃላት አይደለም። መኪናው ሥር መተኛት ይጠይቃል።

ዲኤክስ የምንለው ኮሮላ ሞተሩ ከፊት፣ የሚነዳው ጎማ ከኋላ ነው። በመካከላቸው አንድ ረጅም ዘንግ በወለሉ ሥር ያልፋል። ከፊያት 124 የተወለደችው ላዳም እንደዚሁ ናት፤ የጭነት መኪናው ኤንትሬም እንደዚሁ ነው። በዘንጉ ጫፍና ጫፍ አራት ክንድ ያለው ትንሽ ብረት አለ። ጣሊያኖች መስቀልን ክሮቼ ይሉታልና ያንን ብረት ክሮቼራ አሉት። የእኛ መካኒኮች ስሙን ከነብረቱ ተቀበሉ። ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. በቆየው ወረራና ከዚያ በኋላ እዚሁ በቀሩ ጣሊያን መካኒኮች ጋራዥ ውስጥ እየሠራ የተማረ ትውልድ፣ ፍሬንን ፍሬን፣ ፍሪሲዮንን ፍሪሲዮን ብሎ ለተከታዩ አወረሰ። መኪና የሚለው ስም ራሱ ማኪና ከሚለው ጣሊያንኛ የመጣ ነው።

ቪትዝ ግን ረጅሙ ዘንግ የላትም። የሚነዳት የፊት ጎማዋ ነው፤ ከካምቢዮው ግራና ቀኝ ሁለት አጫጭር ዘንጎች ወጥተው በቀጥታ ጎማውን ያሽከረክራሉ። እያንዳንዱ ዘንግ ሁለት መጋጠሚያ አለው፤ ጎማው ጋ ያለው የውጭ ጆይንት፣ ካምቢዮው ጋ ያለው የውስጥ ጆይንት ይባላል። ቪትዝ ለገበያ የወጣችው እ.ኤ.አ. በ1999 ነው። ኮሮላ ራሱ አብዛኛውን ዝርያውን ወደ ፊት ጎማ ያዞረው በ1983 ነበር። ፊያትስ? በገዛ ስሙ የመጀመሪያውን የፊት ጎማ መኪና፣ ፊያት 128ን፣ ያወጣው በ1969 ነው። እንግዲህ በ1930ዎቹ ሙያውን ያስተማረን ጣሊያን ራሱ በፋብሪካው ያልነበረውን ዕቃ ስም ከየት አምጥቶ ይሰጠን ነበር? ዕቃው ሲደርስ አስተማሪው ሄዷል፤ ካታሎጉም በእንግሊዝኛ ነው። ጆይንት እንግሊዝኛ የሆነው ለዚህ ነው። የጋራዥ ቃል ከዕቃው ጋር በአንድ ካርቶን ታሽጎ ይመጣል ብል ማጋነን አይሆንብኝም።

አሁን ወደ ራሱ ወደ ዕቃው። የውጭው ጆይንት ሲያረጅ መሪው ሙሉ ሲዞር ቀጭ ቀጭ ይላል፤ ይህንን ሁሉም ሰው ያውቀዋል። የውስጡ ግን ጠባዩ ሌላ ነው። ነዳጅ ሲሰጡት መኪናው ይንቀጠቀጣል፣ እግር ሲነሣለት ይረጋጋል፤ ከኋላ ማርሽ ወደ ፊት ሲቀየር አንዴ ዷ ይላል። ብዙ ሰው ጎማ ባላንስ እያስደረገ ገንዘቡን ይጨርሳል።

በብዙ መኪኖች ላይ የውስጡ ጆይንት ሲከፈት የሚገኘው ትሪፖድ ነው። ትሪ ሦስት፣ ፖድ እግር፤ ግሪክ ነው። በ1960ዎቹ ግሌንዘር ስፓይሰር በተባለው የፈረንሳይ ኩባንያ የዳበረ ንድፍ ነው። ከመሐል አንድ ቀለበት፣ ከቀለበቱ በእኩል ርቀት የወጡ ሦስት አጫጭር ክንዶች፣ በየክንዱ ላይ የሚሽከረከር ኩሽኔታ። ሦስቱም ሦስት ቦይ ባለው ጽዋ መሰል ብረት ውስጥ ይገባሉ። ጎማው ጉድጓድ ገብቶ ሲወጣ በካምቢዮውና በጎማው መካከል ያለው ርቀት ይረዝማል፣ ያጥራል፤ ኩሽኔታዎቹ በቦያቸው ውስጥ ወጣ ገባ እያሉ ያንን ልዩነት ይውጡታል። ለዓመታት አንድ ቦታ ላይ ሲመላለሱ ቦዩን ይጎደጉዱታል። መንቀጥቀጡ ከዚያ ነው። ሦስት እግርን ከእኛ ቤት ዕቃ ጋር ላመሳስለው ብል ሦስት ጉልቻ አለ፤ ምንም እንኳ ተረቱ ጉልቻ ቢለዋወጥ ወጥ አያጣፍጥም ቢልም ይህኛው ጉልቻ ሲለወጥ በእርግጥ ያጣፍጣል።

ኩሽኔታን ካነሣን አይቀር፣ ኩሺኔቶ በጣሊያንኛ ትንሽ ትራስ ማለት ነው። ዘንግ ተንተርሶበት የሚዞር ትራስ። ኩሺኖ የሚለው እናት ቃል ደግሞ ኮክሳ ከሚለው ላቲን የወጣ ነው፤ ዳሌ ማለት ነው። ስለዚህ መካኒኩ «ኩሽኔታው አልቋል» ሲል፣ ሳያውቀው፣ ከሰው አካል ትላልቅ መገጣጠሚያዎች አንዱን እየጠራ ነው።

የዚህ ዕቃ ሙሉ የእንግሊዝኛ ስም ሲቪ ጆይንት ነው። ሲቪ የሚለው ምሕጻር «የማይለዋወጥ ፍጥነት» ለማለት የገባ ነው፤ ምክንያትም አለው። ክሮቼራ በአንድ ማእዘን ታጥፎ ሲዞር አንዱ ዘንግ በእኩል ፍጥነት ቢዞር እንኳ ሌላው በእያንዳንዱ ዙር ሁለት ጊዜ ይፈጥናል፣ ሁለት ጊዜ ይዘገያል። በ30 ዲግሪ ሲታጠፍ ፍጥነቱ ከ0.87 እስከ 1.15 እጥፍ ይዋዥቃል። የኋላ ዘንግ ትንሽ ስለሚታጠፍ ይህንን ይችለዋል፤ መሪ የሚታዘዝ የፊት ጎማ ግን ብዙ ስለሚታጠፍ አይችለውም። ለዚህ ነው ፌናይና ግሬግዋር የተባሉ ሰዎች በፈረንሳይ በ1926 ትራክታ የተባለውን መጋጠሚያ፣ አልፍሬድ ርዜፓም በአሜሪካ በዚያው ዘመን በስድስት ኳስ የሚሠራውን ያወጡት። መሐንዲሱ ኢሲጎኒስ በ1959 ሚኒን ሲሠራ የርዜፓን ኳሶች ወደ ብዙኃኑ መኪና አገባቸው። ጣሊያኖች ዕቃውን ሲያገኙ «ኦሞቺኔቲኮ» አሉት፤ ሆሞስ አንድ ዓይነት፣ ኪኔሲስ እንቅስቃሴ። ሲኒማ የሚለው ቃላችንም የኪኔሲስ ዘመድ ነው፤ የሚንቀሳቀስ ሥዕል።

ሲቪ ግን በከተማችን ሌላ ሰውም አለው። ሥራ ፈላጊው ወጣት በፖስታ ይዞት የሚዞረው ሲቪ የላቲን ኩሪኩሉም ቪታይ ነው፤ የሕይወት ሩጫ። በጥንት ሮማውያን ዘንድ ኩሪኩሉም የእሽቅድምድም ሠረገላም ነበር። ካሩስ የሚለው የሠረገላ ስም፣ ካር የሚለው የእንግሊዝኛ መኪና የተወለደበት፣ ከኬልቶች ወደ ላቲን የገባ ሆኖ ሥሩ ከዚሁ ከሩጫው ጋር አንድ ነው። ፈረንሳዮችም የራሳቸው ሲቪ አላቸው፤ በ1948 የታየችው ሲትሮየን 2ሲቪ «ሁለት ፈረስ» ትባላለች። ያ ሲቪ ሸቫል ቫፐር ነው፤ የእንፋሎት ፈረስ። ቫፐርን ደግሞ እኛ በሌላ ልብስ እናውቀዋለን፤ ባቡር ብለነዋል፤ በዓረብኛ በኩል አልፎ ሊሆን ይችላል። 2ሲቪም የፊት ጎማ መኪና ናት። ሦስት ሲቪ፣ ሦስቱም ወደ ሩጫ ወይም ወደ ፈረስ የሚያደርሱ ናቸው፤ አጋጣሚ ነው፣ ግን ደስ የሚል አጋጣሚ።

ወደ ጆይንት ልመለስ፤ የምወደው ክፍል ይህ ነው። ጆይንት በጥንት ፈረንሳይኛ በኩል ዩንጌሬ ከሚለው ላቲን ይመጣል፤ ማጣመር፣ መጥመድ። ቀንበርን ላቲኖች ዩጉም፣ ግሪኮች ዙጎን አሉት፤ ሥራቸው አንድ ነው። ግሪክ በአንድ ቀንበር የተጠመዱ ሁለት በሬዎችን ዜውጎስ ይል ነበር፤ ጥንድ። ይህ ዜውጎስ በአራማይክ በኩል ወደ ደቡብ ወርዶ በዓረብኛ ዘውጅ፣ በግዕዝ ዘውግ ሆነ። ግዕዝ መጀመሪያ የሰጠው ፍቺ ጥንድ፣ ባልንጀራ ነው። ከዚያ ወገን፣ ዓይነት እያለ ሰፋ፤ ዛሬ ጋዜጣ ሲያነሣው ብሔርን ነው የምናስበው፤ የሥነ ጽሑፍ መምህር ሲያነሣው የድርሰት ዓይነትን። እንግዲህ ጆይንትና ዘውግ የአንድ አያት ልጆች ናቸው። አንደኛው በግሪክና በግዕዝ፣ ሌላው በላቲንና በእንግሊዝኛ ተጉዘው አዲስ አበባ ላይ ተገናኝተዋል። ዘመድ መሆናቸውን የነገራቸው የለም።

የራሳችን ቃልስ? መጋጠሚያ አለን፤ ሥሩ ገጠመ ነው። ገጠመ ታምር ሥራ ይሠራል። በር ይገጠማል፣ ጦር ይገጥማል፣ ቡድን ከቡድን ግጥሚያ አለው፣ ሰው መንገድ ላይ ጉድ ይገጥመዋል፣ ገጠመኝ ይጽፋል። ቃልን ከቃል አጋጥሞ ቤት የሚያስመታ ሰው ገጣሚ ነው፤ ሥራው ግጥም። ግጥም ማለት እንግዲህ የተገጣጠመ ነገር ነው። የሚገርመው ግሪክም እዚሁ መንገድ መሄዱ ነው። ሃርሞስ በግሪክ መጋጠሚያ ነው፤ ሃርሞኒያ ከዚህ የወጣ ሲሆን በሆሜር ኦዲሴ ውስጥ የመርከብ ሳንቃዎች የሚያያዙበትን ማጋጠሚያ ይጠራል። ቆይቶ ድምፆች የሚስማሙበት ሙዚቃ ሆነ። አናጢው ወደ ዜማ፣ ገጣጣሚው ወደ ቅኔ። በእኛም በእነሱም ቃሉ ከእጅ ሥራ ወደ ጥበብ ነው የወጣው፤ አንዱ ከሌላው ሳይሰማ።

ታዲያ ለምን «የውስጥ መጋጠሚያ» አንልም? ማለት ይቻላል፤ ቴክኒክ መማሪያ መጻሕፍት ላይ ያምራል። ግን ሶማሌ ተራ ሄዶ «የማይለዋወጥ ፍጥነት መጋጠሚያ አላችሁ?» ለሚል ሰው ሻጩ መጀመሪያ የሚያየው ዓይኑን ነው። መካኒኩም ቢሆን «ጋሼ፣ ጆይንቱን ይዘው ይምጡ» ነው የሚለው። ቃል የሚያድገው ሰው በሚጠራበት ቦታ ነው፤ በዚህ ረገድ ጆይንት ያለ ጥርጥር አማርኛ ሆኗል፣ ጆይንቶች ይባላል፣ ጆይንቱ ይባላል።

ሥራው ራሱ ሲጀመር ግን ጣሊያንኛው ይመለሳል። የጎማው መሐል ዳዶ መኪናው መሬት ላይ እንዳለ ይላላል። ዳዶ በጣሊያንኛ የዕጣ መጫወቻ ኩብም ነው። ከዚያ በክሪክ ይነሣል፣ ቸርኬው ይወጣል፣ የመሪውና የታችኛው ክንድ ብሎኖች ይፈታሉ። ብሎን በጣሊያንኛ ቡሎኔ፣ እሱም ከፈረንሳይኛው ቡሎን፤ ትንሽ ኳስ ማለት ነው። ካቻቢቴም አይረሳም፤ ካቻ ማባረር፣ ቪቴ ብሎን፤ ያ ቪቴ ደግሞ ወይን ከሚሉት ተክል የመጣ ነው፣ የወይን ሐረግ እንደሚጠመዘዝ ጥርሱ ይጠመዘዛልና። ኮፈን የሚለውን ስም ከዓረብኛው ከፈን፣ ከመግነዙ፣ ጋር የሚያዛምድ ሰው ከመጣ አይመኑት፤ ኮፋኖ ከግሪክ የቅርጫት ስም ነው። የእንግሊዝኛ የሬሳ ሣጥን ስም ኮፊንም ከዚሁ ቅርጫት የወጣ ነው፣ ስለዚህ ስሕተቱ ከሚመስለው ያነሰ ነው።

ዘንጉ ከጎማው በኩል ተነቅሎ ከካምቢዮው በኩል በብረት ማንሻ ሲገፋ ይወጣል። የጆይንቱ የጎማ ሽፋን ይቀደዳል። ጎማ ጣሊያንኛ ነው፤ ላቲኑ ጉሚ ከግሪኩ ኮሚ፣ ግሪኩም ከጥንታዊ ግብፅ ነው የወሰደው፤ ሙጫ ማለት ነው። ከግራር ቁርጥ የሚንጠባጠበው፣ በአባይ ሸለቆና በቆላው አገራችን የሚለቀመው ሙጫ። ሽፋኑ ሲነሣ ጥቁር ቅባት ይታያል፤ የድሮ ሰዎች ግራሶ ይሉታል፣ ስብ ማለት ነው። ጥቁር ያደረገው ብዙ ጊዜ ሞሊብዴነም ያለበት ዱቄት ነው። ሞሊብዶስ በግሪክ እርሳስ ነበር፤ ማዕድኑን ከእርሳስ ጋር ያምታቱ ሰዎች ስሙን ሰጡት፣ ኬሚስቱ ሼሌ በ1778 የተለየ መሆኑን ቢያሳይም ስሙ ቀረ።

አሮጌው ትሪፖድ የሚይዘው ቀለበት ተነሥቶ ይነቀላል፣ አዲሱ በቦታው ይገባል፣ አዲስ ግራሶ በልክ ይሞላል፣ አዲሱ ሽፋን ይለበሳል። የሽፋኑን አፍ የሚያጠብቀው ጠባብ የብረት ቀበቶ በጣሊያንኛ ፋሼታ፣ ትንሽ ፋሻ ነው። ሐኪም ቤት ቁስል የምናስርበት ፋሻ ያው ነው። ፋሻ የታሰረ ጭነት ከሚለው ፋሺስ ጋር ይዛመዳል፤ ፋሺስት የሚለውም ከዚያ ነው። የቁስል መጠቅለያና ያቆሰለን ፓርቲ ስም ከአንድ ጥቅል የተፈታ ነው።

መጨረሻ ላይ ዘንጉ ሲነቀል ከካምቢዮው የፈሰሰው ዘይት መተካት አለበት፤ ብዙ ሰው ይረሳዋል። ዘይት የሚለው ስም ጣሊያን አላመጣውም፤ በግዕዝ፣ በዓረብኛ፣ በዕብራይስጥ ወይራን ወይም የወይራን ቅባት ይጠራል። የጣሊያኑ ኦሊዮም በላቲንና በግሪክ በኩል የወይራ ስም ነው። ደብረ ዘይት የሚለው የቢሾፍቱ የቀድሞ ስም ትርጉሙ የወይራ ተራራ ሆኖ ሳለ፣ «የሞተር ዘይት እንሸጣለን» የሚል ማስታወቂያ ቢሾፍቱ መንገድ ዳር መቆሙን ማንም አይቶ አልደነቀውም።