ከድንበሩ ማዶ የመጣ የልጆች መጽሐፍ



ስለ መተማ ታሪክ ስንናገር አብዛኛውን ጊዜ የምንነሣው በመጋቢት 1889 ከተደረገው ጦርነትና ከዐፄ ዮሐንስ አራተኛ ሞት ነው (ዓመታቱን እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር እጠቅሳለሁ)። ከተማዋም በስማቸው መተማ ዮሐንስ ትባላለች። እኔም ለዓመታት ያስተማርሁት ይህንኑ ነው። ዛሬ የምናገረው ግን ስለ ሌላ ዮሐንስ፣ ስለ ልጆች መጻሕፍት ደራሲው ስለ ዮሐንስ ገብረ ጊዮርጊስ ነው። የነገሌ ቦረና ተወላጅ ከምዕራብ ጎንደር ቆላ ጋር ምን ያገናኛቸዋል የሚል ቢኖር፣ መልሴ ስደት ነው።

የሱዳን ድንበር ረጅም ነው፤ መተማም ከበሮቹ አንዷ ናት። በደርግ ዘመን ወጣቶች፣ ገበሬዎችና ቤተ እስራኤላውያን ይህን ቆላ እያቋረጡ ወደ ገዳሪፍ ተሻግረዋል። ዮሐንስም በዚያው ዘመን ወደ ሱዳን ከተሰደዱት ኢትዮጵያውያን አንዱ ነበሩ፤ ከዚያም ወደ አሜሪካ ሄዱ። ከትምህርት ቤት መማሪያ ውጭ የሆነ መጽሐፍ ለመጀመሪያ ጊዜ ያነበቡት በ19 ዓመታቸው ነበር፤ እርሱም የፍቅር ልብ ወለድ ነው። እኒህ ሰው በሳን ፍራንሲስኮ የሕዝብ ቤተ መጻሕፍት የልጆች ክፍል ባለሙያ ሆኑ። በመደርደሪያዎቹ ላይ የብዙ ቋንቋ የልጆች መጻሕፍት ተደርድረዋል፤ በአማርኛ የተጻፈ ግን አላገኙም።

የጎደለውን ራሳቸው ጻፉት። በ2002 የታተመው መጽሐፋቸው በማሞ ቂሎ ተረት ላይ የቆመ ሲሆን፣ አማርኛውንና እንግሊዝኛውን አንድ ላይ ይዟል። ማሞ የእናቱን ምክር የሚሰማ ታዛዥ ልጅ ነው፤ ጥፋቱ የትናንቱን ትእዛዝ ለዛሬው ጉዳይ ማዋሉ ነው። (ይህ ዐይነቱ ታዛዥነት በየመሥሪያ ቤታችን አለ ወይስ የለም የሚለውን ለአድማጭ እተዋለሁ።) የሁለቱ ቋንቋ አብሮ መታተም ለእኔ ከተረቱ አይተናነስም። አማርኛ የማታነብ ልጅና እንግሊዝኛ የማታነብ እናት አንድ መጽሐፍ ላይ ጎንበስ ሊሉ ይችላሉ።

በ1998 የመሠረቱት ድርጅት፣ ኋላ «ኢትዮጵያ ሪድስ» የተባለው፣ በማጂ ያደገችውን አሜሪካዊት የልጆች ደራሲ ጄን ከርትዝን አጋር አድርጎ፣ በ2003 አዲስ አበባ ሾላ ሰፈር የልጆች ቤተ መጻሕፍት ከፈተ፤ ቦታውም ዮሐንስ የሚኖሩበት ቤት ምድር ቤት ነበር። በሐዋሳ በአህያ የሚጎተተው ተንቀሳቃሽ ቤተ መጻሕፍት ተከተለ። በ2008 ሲ.ኤን.ኤን. ከዓመቱ አሥር ጀግኖች አንዱ አድርጎ መረጣቸው። የአህያዋ ፎቶግራፍ ዓለምን ዞሯል፤ በእኔ አስተያየት ግን ፎቶግራፉ ደራሲውን ጋርዶታል። ጋሪው የሚጭነው መጽሐፍ መጀመሪያ መጻፍ ነበረበት።

ወደ ቆላችን ልመለስ። በመተማና በቋራ አማርኛ፣ ጉሙዝኛና የሱዳን ዓረብኛ በአንድ ገበያ ይሰማሉ። የሰሊጥ አጨዳ ሲደርስ ከደጋ የሚወርደው ሠራተኛ ተረቱንም ይዞ ይመጣል። የልጆች መጽሐፍ ግን እዚህ ብርቅ ነው፤ ያለውም አብዛኛው የደጋ ልጅ የሚያውቀውን ዓለም የሚያሳይ ነው።

በሚያዝያ 2023 የሱዳን ጦርነት ሲፈነዳ መንገዱ አቅጣጫውን ለወጠ። በዚያ ዓመት ክረምት መተማ ዮሐንስ ውስጥ በአንድ የሸራ መጠለያ ሥር ከተቀመጡ የሱዳን ልጆች ጋር ዋልሁ። እነርሱን ለማጫወት ማሞ ቂሎን በአስተርጓሚ ጀመርሁላቸው። ገና ሳልጨርስ አንዲት የስምንት ዓመት ያህል ልጅ «ይህማ ጁሓ ነው!» ብላ አቋረጠችኝ፤ የራሷንም ነገረችኝ። ጁሓን እናቱ «በሩን ጠብቅ» ብላው ትሄዳለች፤ እርሱም ውሎ ሲሰለቸው በሩን ነቅሎ፣ በጀርባው አዝሎ ይከተላታል። አስተርጓሚያችን በሳቅ ምክንያት ሁለት ጊዜ ደገመልኝ።

ልጅቱ ቀጥላ ማሞ መጽሐፍ እንዳለው ጠየቀችኝ። አለው አልኋት። በዓረብኛስ? አለች።