በለቅሶ ቤት በር የገባ ካሜራ፦ ሳሌም መኩሪያና የቀይ ሽብር ትዝታ

በወታደራዊው የደርግ መንግሥት ዘመን ስለተፈጸመው የፖለቲካ ግድያ፣ ስለ ቀይ ሽብር፣ በአማርኛ ከተጻፈው ብዙው የከሳሽ ወይም የተከሳሽ ቃል ነው። በዘመኑ ተቀናቃኝ የነበሩት ድርጅቶች፣ የኢሕአፓም ሆነ የመኢሶን ሰዎች፣ ትዝታቸውን ሲያሳትሙ «ማን ቀድሞ ተኮሰ?» የሚለው ጥያቄ ከምዕራፍ ምዕራፍ ይከተላቸዋል። ፊልም ሠሪዋ ሳሌም መኩሪያ እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ በሠሩት «የወንዝ ማዕበል» በተሰኘው ዘጋቢ ፊልም ወደዚህ ሙግት የገቡት በሌላ በር ነው፤ በለቅሶ ቤት በር።

ፊልሙ ደብዛው ለጠፋ ወንድማቸውና ለተገደለች የልብ ጓደኛቸው የቆመ መታሰቢያ ነው። ታሪኩ ግን ከሁለቱ ይሰፋል። በየካቲት 1957 ዓ.ም. «መሬት ለአራሹ» ብሎ አደባባይ የወጣው የተማሪ ትውልድ፣ የናፈቀው አብዮት በመጣ ጊዜ በደርግ ጥይትና እርስ በርስ በተማዘዘው መሣሪያ እንዴት እንዳለቀ ይጠይቃል። ርእሱን ልብ ይሏል፤ ማዕበል የባሕር ነው፣ የወንዝ ግን ደራሽ ጎርፍ ነው። ወንዙን በባሕር ስም መጥራታቸው ከዳርቻው በላይ የሞላ ትውልድን ለመግለጽ ይመስለኛል።

ለረጅም ዓመታት ማሳቹሴትስ በሚገኘው ዌልስሊ ኮሌጅ ያስተማሩት ሳሌም ቀደም ሲል ስለ ጥቁር አሜሪካውያን የሐርለም ሥነ ጽሑፍ ዘመን ደራሲዋ ዶሮቲ ዌስት ፊልም ሠርተዋል። እ.ኤ.አ. በ1991 የወጣው «ስደት» ደግሞ ሱዳን ውስጥ የሚኖሩ ሦስት ኢትዮጵያውያትና ኤርትራውያት ስደተኞችን ይከተላል። የውጭው ዓለም ቴሌቪዥን ከ1977 ዓ.ም. ረሃብ ወዲህ ሐበሻን በጅምላ፣ ያለ ስም ማሳየት ለምዶ ነበር። በ«ስደት» ግን ሴቶቹ ራሳቸው ይናገራሉ።

ወደ «የወንዝ ማዕበል» ስንመለስ፣ የለቅሶ ዓይን ዋጋ ያስከፍላል። ሐዘንተኛ አስቀድሞ የሚያየው የራሱን ሟች ነውና የፊልሙ መሃል የተማረው ወጣት ሆነ፤ በስሙ የተፎከረለት ገበሬ ዳር ላይ ቀረ። የፖለቲካ ተጠያቂነትን በስምና በቀን ለይቶ የሚሻ ተመራማሪም ሌላ ምንጭ ማገላበጥ ይኖርበታል። ይህን እንደ ድክመት ብቆጥረውም፣ ከሳሾቹ በሙሉ ያላሳዩንን ነገር ያሳየን ይኸው ዓይን ነው፦ ተጻራሪ ወገኖች የአንድ ቤት ልጆች እንደነበሩ።

ሳሌም ኋላ ላይ ነጠላ ስክሪንንም ትተዋል። እ.ኤ.አ. በ2003 በቬኒስ ቢየናሌ የቀረበው የቪዲዮ ሥራቸው፣ ባለ ሦስት ገጽ የቤተ ክርስቲያን ሥዕልን በሚያስታውስ አኳኋን፣ ኢትዮጵያን በሦስት ስክሪኖች ጎን ለጎን ያሳያል። የትኛውን እንደሚያይ የሚመርጠው ተመልካቹ ነው።