ሳምንቱን የዋጠው ዳኮታ

ጠጋ በሉና ስሙኝ። የምተርክላችሁ መንገድ ስለሚበላው ቀን ነው። አገሩ በደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ ያሉት አማን፣ ሚዛን ተፈሪና ቴፒ፤ ጭነቱ ቡና።

አውሮፕላን ሳይመጣ በፊት የዚያ አገር ቡና ጅማ የሚገባው በአጋሰስ ጀርባ ነበር። የሲራራ ነጋዴ በቀን 20 ወይም 25 ኪሎ ሜትር ከገፋ እሰየው ነው። ከሚዛን እስከ ጅማ ዛሬ በተሠራው መንገድ እንኳ ከ200 ኪሎ ሜትር ይበልጣል። ያኔ ዳገቱ አለ፣ ጫካው አለ፣ ጭቃው አለ። ማታ ጭነት ማውረድ፣ ጠዋት መልሶ መጫን፣ ጀርባዋ የተላጠ በቅሎ ማስታመም፣ ኬላ ደርሶ ቀረጥ መክፈል አለ። ጎጀብ ከሞላማ ወንዙ ዳር ሰፍሮ ውኃው እስኪጎድል መጠበቅ ነው። እንዲህ ያለውን መንገደኛ ‹‹መቼ ትደርሳለህ?›› ብሎ የሚጠይቀው አልነበረም። ሲደርስ ይደርሳል።

ወደ ሰሜን ያለው የጎሬ ቡና ሌላ በር ነበረው። በ1894 ዓ.ም. አፄ ምኒልክ ከእንግሊዝ ጋር በተዋዋሉት መሠረት ጋምቤላ የንግድ ወደብ ሆነች፤ የሱዳን መርከቦችም በባሮ ወንዝ ላይ ይመጡ ጀመር። መርከቡ ግን የክረምት እንግዳ ነበር። ባሮ ሲጎድል ይሄዳል፤ ያመለጠው ጭነት የሚቀጥለውን ክረምት ይጠብቃል።

እንግዲህ ዘመኑ የተለወጠው ከጣሊያን መባረር በኋላ ነው። የኢትዮጵያ አየር መንገድ ታኅሣሥ 12 ቀን 1938 ዓ.ም. ተቋቋመ፤ የአሜሪካው አየር መንገድ ቲ.ደብሊው.ኤ. አጋዥ ሆኖ። መጋቢት 30 ቀን በዚያው ዓመት የመጀመሪያው በረራ በአሥመራ አድርጎ ካይሮ ሄደ። አውሮፕላኖቹ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት የተረፉ ሲ-47ዎች ነበሩ፤ ሰዉ ሁሉንም ዳኮታ ይላቸው ነበር። ውስጣቸው እንደ ዛሬው አልነበረም። መቀመጫው በግራና በቀኝ ግድግዳውን ተከትሎ የተዘረጋ አግዳሚ ነው፤ መሐሉ ላይ ጭነቱ ይታሰራል። ተሳፋሪው ከወዲያ ማዶ ካለው ተሳፋሪ ጋር በጭነቱ ላይ አሻግሮ ይተያያል።

ዳኮታ አስፋልት አልጠየቀም። ሜዳው ከተደለደለ፣ ሣሩ ከታጨደ፣ ከብቱ ከተባረረ ያርፋል። ስለዚህ መኪና ያልደረሰበት አገር አውሮፕላን ደረሰበት። ጅማ፣ ደምቢ ዶሎ፣ ቴፒ፣ ሚዛን ተፈሪ፤ የሚዛኑ ሜዳ አማን ላይ ነው። ስንት ሰው ከመኪና በፊት አውሮፕላን አየ!

አሁን እናስላው። ከአማን ጅማ በአየር 160 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ዳኮታ ይህን በ40 ደቂቃ ውስጥ ይጨርሰዋል። 25 ኩንታል ያህል ያነሣል፤ አንዲት በቅሎ አንድ ኩንታል እንኳ አይሞላላትም። ከሃያ አምስት አጋሰስ በላይ ሳምንት አልፎት የሚደክምበት መንገድ በአንድ ጠዋት አለቀ። ጊዜን የሚለውጥ መሣሪያ ካላችሁኝ እኔ ይህን ነው የማሳያችሁ።

ነገር ግን ሰማዩ አለ። የሚዛንና የቴፒ ዝናብ ቀልድ አያውቅም። ጉሙ ከጫካው አናት ተነሥቶ ሜዳውን ሲሸፍን አብራሪው ተራራውን አያይም፤ ሜዳው ሲጨቀይ ጎማው ይሰምጣል። ነጋዴው ኬሻውን ሰፍቶ፣ ጭነቱን ሜዳው ዳር ከምሮ፣ ቡናው እርጥበት እንዳይስብ እየሠጋ ወደ ላይ ያንጋጥጣል። የሞተር ድምፅ ከሰማ ዕለቱ ተረፈ፤ ካልሰማ ነገም ያው ነው። የሰዓት አቆጣጠሩም ቢሆን ሁለት ዓይነት ነበር። ከውጭ የመጣው አብራሪ በእጁ ሰዓት 8 ሲያነብ ሜዳው ዳር የቆመው ሰው ከጠዋቱ 2 ሰዓት ይላል። 

አሁን ወደሚያሳስበኝ ልምጣ። ዳኮታው ቡና ይዞ ሲሄድ ደብዳቤና ወሬ ይዞ ይመለሳል። ወሬው ደግሞ ዋጋ ነው። በሐምሌ 1945 ዓ.ም. ብራዚል ውስጥ ውርጭ የቡናውን ተክል መታው፤ በተከታዩ ዓመት የዓለም የቡና ዋጋ ሰማይ ነካ። እንዲህ ባለ ጊዜ ቀድሞ የሰማ ሰው ሀብታም ነው። በአጋሰስ ዘመን ነጋዴውም ገበሬውም ወሬውን የሚሰሙት ዘግይተው ነበር። በአውሮፕላን ዘመን ግን አዲስ አበባ ዘመድ ወይም ደንበኛ ያለው ነጋዴ በቀናት ውስጥ አወቀ፤ ጫካ ውስጥ ቡና የሚለቅመው የቤንች ወይም የሸኮ ገበሬ የሚያውቀው ገዢው የነገረውን ብቻ ነው። ሁለቱ ሰዎች አንድ ገበያ ላይ ቆመው ይደራደራሉ፤ አንዱ ግን ገና ያለፈው ወር ላይ ነው ያለው። ያንን ልዩነት የከፈለው ገበሬው ነው፤ ስንት እንደከፈለ የመዘገበለትም የለም።

የመኪና መንገዱ እየተሻሻለ ሲመጣ ቡናው ወደ ጭነት መኪና ዞረ። የዋጋው ወሬም በኋላ ሌላ መንገድ አገኘ። የኢትዮጵያ ምርት ገበያ በሚያዝያ 2000 ዓ.ም. ሥራ ጀመረ፤ ቡናም በቀጣዩ ዓመት ገባበት። የዕለቱ ዋጋ በየከተማው በተሰቀለ የኤሌክትሮኒክ ሰሌዳና በስልክ መልእክት ይነገር ጀመር። ለእኔ ይህ ከዳኮታው አያንስም፤ ገበሬው ዛሬ ላይ የቆመው ያኔ ነውና። ስልክ የያዘ ገበሬ ‹‹ዋጋው ወድቋል›› ሲሉት ደውሎ ያረጋግጣል።

ዛፉ ግን አልቸኮለም። የቡና ችግኝ ፍሬ ለመስጠት ዛሬም ሦስት አራት ዓመት ይፈልጋል። ከአበባ እስከ ቀይ እሸት ወራት ይቆያል። ቀይ እሸቱ ከተለቀመ በኋላ ደግሞ ነገሩ ይገለበጥና ሰው መሮጥ አለበት፤ ለእጥበት የሚሄደው በዚያው ዕለት መፈልፈያው ጋ ካልደረሰ ይብላላል፣ ጥራቱ ይወርዳል። ከጫካ እስከ እጠባ ጣቢያው ያለውን ሸርተቴ ጭቃ በጀርባ ወይም በፈረስ የሚያቋርጥ ሰው ከመሸበት እሸቱን ቤቱ ያደርቀዋል፤ በታጠበ ቡና ዋጋ መሸጥ የሚችለውን ጀንፈል አድርጎ በርካሽ ይሸጠዋል። ዋጋውን በስልኩ አይቶታል፤ ያጣው ሁለት ሦስት ሰዓት ነው። ከሚዛን ጅማ አስፋልት ተነጥፏል፤ ለአማንና ለቴፒ መንገድ የሚቀይስ ሰው እንግዲህ ከጫካው በኩል ይጀምርልኝ።