የቨርደን ውጊያ፤ ማድከም አስቀድሞ የታሰበ ነበርን?

በአንደኛው የዓለም ጦርነት ከተደረጉት ውጊያዎች መካከል እንደ ቨርደን የረዘመና ሰው የፈጀ ጥቂት ነው። (ዘመኑ ሁሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ነው።) ጀርመኖች ፌብሩዋሪ 21 ቀን 1916 ዓ.ም. ማጥቃት ጀመሩ፤ በአምስተኛውም ቀን ዱዎሞን የተባለውን ትልቅ ምሽግ ያዙ። ከዚያ በኋላ ግን ግስጋሴው እየከበደ ሄደ። አጥቂው መድፍ ባረሰው ጭቃ ላይ በእግሩ ሲጓዝ፥ ተከላካዩ ከባር ለ ዱክ በሚመጣው መንገድ ትኩስ ጦር በካሚዮን ያስገባ ነበር። ጄኔራል ፔታንም ክፍለ ጦሮቹን እያፈራረቀ ያዋጋ ስለ ነበረ፥ የደከመው ሲወጣ ያረፈው ይተካው ነበር።

የጀርመን ጦር ኤታማዦር ሹም ጄኔራል ፋልከንሃይን ከመጀመሪያው ያሰበው መሬት ለመያዝ ሳይሆን የፈረንሳይን ጦር ደም አፍስሶ ለመጨረስ ነው ሲባል ኖሯል። ለዚህ ማስረጃ የሚሆነው፥ በ1915 ዓ.ም. በገና ሰሞን ለንጉሠ ነገሥቱ አቀረብሁት የሚለው ማስታወሻ ነው። ነገር ግን ማስታወሻው የሚገኘው እርሱ ራሱ ከጦርነቱ በኋላ ባሳተመው መጽሐፍ ውስጥ ብቻ ነው፤ ዋናው ጽሑፍ በመዝገብ ቤት አልተገኘም። ውጊያውን ያካሄደው የአልጋ ወራሹ 5ኛ ሠራዊትም የተዘጋጀው ቨርደንን ለመያዝ ነበረ። ስለዚህ ሊቃውንት በነገሩ እስከ ዛሬ አልተስማሙም።

በእኛ አስተያየት፥ ማድከም በአሳቡ ውስጥ ቢኖርም እንኳ፥ የውጊያው ብቸኛ ዓላማ ሆኖ የቀረበው ምሽጉን መያዝ ካልተቻለ በኋላ ነው። መሬት ለመያዝ የሚዋጋ አዛዥ አለመያዙን ካርታው ይነግረዋል። የጠላትን ሙት የሚቆጥር አዛዥ ግን ቁጥሩን የሚያገኘው ከራሱ ግምት ነው። ፋልከንሃይን 2 ጀርመን ሲወድቅ 5 ፈረንሳዊ ይወድቃል ብሎ ያምን ነበር። የኋላው ግምት እንደሚያሳየው ግን በሞት፥ በቁስልና በመጥፋት የጐደለው ከፈረንሳይ 377,000፥ ከጀርመን 337,000 ያህል ነው።

ፋልከንሃይን በኦገስት 1916 ዓ.ም. ከሹመቱ ተነሣ። ዱዎሞንን ፈረንሳዮች ኦክቶበር 24 ቀን መልሰው ያዙት፤ ውጊያውም ዲሴምበር 18 ቀን አበቃ። እንግዲህ የታሪክ ተማሪ አንድ አዛዥ ከሽንፈት በኋላ የጻፈውን ሲያነብ፥ ከውጊያው በፊት ከተሰጠው ትእዛዝ ጋራ ሊያመዛዝነው ይገባል።